ሳይለካ የተጻፈው ዘጠኝ ቀን

ለታላቅ እህቴ፣ ለእትዬ፤

ይህ ወረቀት በሰው እጅ ነው የሚመጣልሽ፤ ሰላምታዬ ቀድሞት ይድረስ። እንዴት ሰንብተሻል? እንዴት ከርመሻል? ጉልበትሽስ? ባለፈው ደብዳቤሽ ዳገት ስወጣ እንደ አሮጌ በር ይንቋቋል ያልሽው ተሻለው ወይስ ጭራሽ ማጠፊያው ወለቀ? አናጢው ባልሽ ደህና ነው? ያ ወገቡን የያዘው ነገር ለቀቀው? ትልቋ ልጅሽ፣ መንታዎቹ፣ ሁሉም ደህና ናቸው? አባባስ? ዓይኑ እንዴት ሆነ? እንቅልፉስ፣ ምግቡስ? አሁንም ከኮረብታው ቤት አልወርድም እንዳለ ነው? ከሁሉ አስቀድሞ የእናንተን ደህንነት ነው የምሻው።

እኔ ፈጣሪ ይመስገን በአካል ደህና ነኝ። ሳል ቢጤ ይዞኝ ነበር፣ አልፏል። በአካል ብዬ ለይቼ የጻፍኩት ሌላው ደህና ስላልሆነ ነው። «ይኼ ልጅ ደብዳቤ ሲጽፍ ሁልጊዜ ደህና ነው» እያልሽ ትስቂብኝ የለ? ዛሬ እንኳ ያለውን እንዳለ ልጻፍልሽ።

ደብዳቤሽ ደርሶኛል። ለመንታዎቹ አንድ ክፍል ልትጨምሩ እንደሆነ፣ መሠረቱም ከክረምቱ በፊት እንደሚቆፈር፣ ስድስት ጎረቤቶችም ከእናንተ ጎን ቤት ሊሠሩ ቦታ እንደለኩ ነግረሽኛል። አንተ ካርታው ላይ የምትሠራ ሰው ስለሆንክ አዲሱ ካርታ መቼ እንደሚወጣ ጻፍልኝ ብለሻል። መልሱን ወደ መጨረሻ ላደርገው አስቤ ነበር፤ ግን አንቺ ደብዳቤ ማንበብ ስትጀምሪ ወይ ደንበኛ ይመጣል ወይ መንታዎቹ ይደባደባሉ፣ ስለዚህ አስቀድሜ ልበለው። እትዬ፣ መሠረቱን አታስቆፍሪ። ተቆፍሮም ከሆነ ይቅር። ክረምቱ ሳይገባ ከነልጆችሽ ከዚያ ከታችኛው ቦታ ልቀቂና ወደ አባባ ቤት ውጡ። ለምን እንደሆነ እየጻፍኩ እነግርሻለሁ። ጥፋቱ የወንዙ አይደለም፣ የእኔ ነው።

ባለፈው ወር መሥሪያ ቤታችን የወንዙን አዲስ ካርታ ለመሥራት ከምንጩ እስከ ማለቂያው ልኮን ነበር። ሦስት ነን፤ አለቃችን ኢንጂነሯ፣ እኔና ሹፌሩ። ኢንጂነሯ በዕድሜ ታናሼ ናት፣ በነገር ግን አያቴን ታህላለች። ሹፌሩን አውሮፕላን ይሉታል፤ መኪናዋን ከሠላሳ በላይ ነድቷት ስለማያውቅ ነው። እኔና አንቺ ወንዙን የምናውቀው በአንድ መታጠፊያው ብቻ መሆኑን ያየሁት በዚህ ጉዞ ነው። ልጆች ሳለን ከአለቱ በላይ አገር ያለ አይመስለንም ነበር። ከሸምበቆው በታች ደግሞ ባሕር ነው ብለሽ አሳምነሽኝ፣ እኔም አምኜ ለስንቱ ልጅ አውርቻለሁ።

ሲጀምር ብታዪው ወንዝ ነው ብለሽ አትገምቺም። ከአንድ ጥቁር ቋጥኝ ሥር ሦስት ምንጮች አሉ። ሁለቱ ይንጠባጠባሉ፣ ሦስተኛው ጣት በማታስገባ ቀዳዳ ይፈልቃል። ተገናኝተው የሚሠሩትን ጅረት ኢንጂነሯ በአንድ እርምጃ ተሻገረችው፣ እኔም ተሻገርኩት። አውሮፕላን «አገር ምድሩ የሚፈራው ይህን ነው እንዴ?» ብሎ አንዴ ወዲህ አንዴ ወዲያ ሲዘል ጫማው ውሃ ሞላ፤ ሁለት ቀን በባዶ እግሩ ነዳ። የዚያ አገር ሰዎች ወንዙን ሕፃኑ ይሉታል። ቁልቁል በወረድሽ ቁጥር ስሙ ይለወጣል፤ በገደሉ ጯሂው፣ በሜዳው ጠማማው ነው። እኛ ዘንድ ስም እንደሌለው ያወቅኩት ያኔ ነው። እኛ ዝም ብለን ውሃው ነው የምንለው።

ከምንጩ ቀጥሎ በገደል ውስጥ ይገባል። መኪና ስለማይወርድ ከአፋፉ ላይ እየሄድን በድምፁ ተከተልነው። ከገደሉ ሲወጣ ከግራ በኩል አንድ ቀይ ገባር ይመጣበታል። ሁለቱ ረጅም መንገድ በአንድ ቦይ ጎን ለጎን ሳይቀላቀሉ ይሄዳሉ፣ ግማሹ ቀይ፣ ግማሹ ጥቁር፤ ተኳርፈው በአንድ አልጋ የሚተኙ ባልና ሚስት ይመስላሉ። ዝቅ ብሎ ከቀኝ ሌላ ገባር ይጨመራል፣ እሱ ሰፊ ነው፣ ከሌላ ተራራ ነው የሚመጣው። ከዚያ ቆዳ ፋቂዎች የሚሠሩበት ከተማና ትልቁ ድልድይ ይመጣሉ። በድልድዩ እግር ላይ አባባ ጠዋትና ማታ ያነበው እንደነበረው ያለ የውሃ መለኪያ ቆሟል፣ ቁጥር የተጻፈበት ረጅም ሰሌዳ። ለኪው በአባባ ዕድሜ የነበረ ፀጉር አስተካካይ ነው አሉ፤ ሞቷል፣ አሁን ልጁ ያነባል። ከድልድዩ በኋላ ሜዳ ነው። ውሃው እዚያ ይሰንፋል፣ ይጠማዘዛል፣ የተወውን መንገድ ተመልሶ የሚፈልግ ይመስላል።

በሜዳው ላይ ስንወርድ ኢንጂነሯ ካርታዋን ከመኪናዋ አፍንጫ ላይ ዘርግታ አስረዳችኝ። ሁለቱ ገባሮች ዝናባቸው አንድ አይደለም፤ አንዱ ሲሞላ አንዱ ብዙ ጊዜ ጎዶሎ ነው። በአንድ ቀን የሞሉ ዕለት ግን ውሃው ድልድዩን አልፎ በአንድ ቀን ተኩል የእኛ መታጠፊያ ይደርሳል። እዚያ ደግሞ መውጫው በአለቱና በኮረብታው መካከል ጠባብ ነው። መሄጃ ያጣ ውሃ ወደ ግራ ይወጣል አለችና በእርሳሷ ጫፍ አሳየችኝ። እርሳሷ ያረፈው ያንቺ ግቢ ላይ ነው። ቀጥላ «ግን የታችኛው መዝገብ ይህ ሆኖ እንደማያውቅ ይናገራል፣ የታደሉ ሰዎች ናቸው» አለች፤ የታችኛው የምትለው የአባባን መዝገብ ነው። እኔ አንገቴን ደፍቼ የጫማዬን ክር አሰርኩ። ክሩ አልተፈታም ነበር።

በማግስቱ ከእናንተ ማዶ ደረስን። ከማዶ ቆሜ ቤትሽን አየሁት። ሰማያዊውን በር፣ ባልሽ የሠራውን አጥር፣ በገመዱ ላይ ያሰጣሻቸውን የደንበኞችሽን ልብሶች ቆጠርኩ። አንቺም ወጣሽ። ሳፋ ይዘሽ ነበር፤ ውሃውን ደፋሽና እጅሽን ግንባርሽ ላይ አድርገሽ መኪናዋን ትኩር ብለሽ አየሽ። ክብደት ጨምረሻል፣ ያምርብሻል። ኢንጂነሯ የትውልድ ቦታህ በዚህ አካባቢ አይደለም ወይ ብትለኝ፣ ዓይኔን በጨው ታጥቤ ገና ወደ ታች ነው አልኳት። ከመኪናዋ ጀርባ ዞሬ ጎማ የማይ መሰልኩ። ድልድዩ ሩቅ ነው እንዳልል፣ የአሳ አጥማጁ ታንኳ እግሬ ሥር ታስራ ነበር። አምስት ዓመት ሙሉ ናፈቅሽኝ ስልሽ የኖርኩ ሰው፣ ስምሽን ብጠራ በምትሰሚበት ርቀት ላይ ቆሜ ተደበቅሁሽ።

ስለ ማለቂያውም ልንገርሽና ልጨርስ። ባሕር የለም እትዬ። ከሸምበቆው በታች ወንዙ እንደ እጅ ጣት ይከፋፈላል፣ እያንዳንዱ ጣት እየቀጠነ ረግረግ ውስጥ ይገባል፣ በመጨረሻም ጨዋማ ኩሬ ላይ ያርፋል። ወፍ ብቻ ነው ያለው። አውሮፕላን ጎንበስ ብሎ ቀመሰውና ተፋው። እኔ እዚያ ዳር ተቀምጬ ከላይ እስከ ታች ስንት ሰው በዚህ ውሃ እንደሚኖር አሰብኩ፤ ከሁሉም መሀል ወንዙን በሐሰት የጻፈው አንድ እኔ ነኝ።

አሁን ወደ ራሴ ልምጣ። ዙሪያ ጥምጥም ስሄድ እኔም ጠማማው ሆኜብሻለሁ።

ያን ክረምት ታስታውሺዋለሽ። እኔ አሥራ ዘጠኝ ዓመቴ፣ አንቺ ሃያ አራት። እማማ፣ ነፍሷን ይማርና፣ በጠና ታማ ወደ ከተማ ሐኪም ቤት ትሄድ ዘንድ ግድ ሆነ። አባባ ይዟት ሊሄድ፣ አንቺ ልታስታምሚያት፣ ቤቱና ወንዙ ለእኔ ሊቀሩ። አባባ በለኪነት ዘመኑ ጠዋትና ማታ ከመለኪያው ቀርቶ አያውቅም፤ ሥራውን ለእኔ መተው ከብዶት አሳ አጥማጁን ልለምን ብሎ ነበር። አንቺ ነሽ የተከራከርሽልኝ። «ተወው አባባ፣ ይኼ ልጅ ቢሰንፍ በሌላ ነው እንጂ አይዋሽም፣ እኔ እመሰክርለታለሁ» አልሽው። እሱም የመዝገቡን ሳጥን ቁልፍ ሰጠኝና አንድ ነገር ብቻ አስጠነቀቀኝ። ያልለካኸውን ቀን ባዶ ተወው፣ ባዶ መስመር ማንንም አይጎዳም አለኝ።

ሁለቱን የመጀመሪያ ቀናት ወረድኩ። በሦስተኛው ቀን ዝናቡ ከማለዳ ያዘ፣ ቁልቁለቱ ሳሙና ሆነ። ከኮረብታው ጀርባ ጓደኞቼ ዳማ ይጫወቱ ነበር። ዛሬን ብቻ አልኩ። ባዶ መተው ግን አፈርኩ፤ አንቺ የመሰከርሽለት ልጅ በሦስተኛው ቀን ባዶ ሲተው እንዳይታይ። ያለፈውን ዓመት መዝገብ ገለጥኩና ከዚያው ቀን ቁጥር ላይ ሁለት ጣት ቀንሼ በአባባ የፊደል አጣጣል ጻፍኩት። አንድ ሜትር ከአርባ። ማታውን አንድ ሜትር ከሠላሳ ስምንት። ቁጥሩ ሲያምር እኔንም አሳመነኝ። ውሃ እያሳሳቀ ይወስዳል ይባል የለ፣ እኔን የወሰደኝ ገና ሳልነካው ነው። ዘጠኝ ቀን ሙሉ እንዲሁ አደረግኩ፤ ቁርሴን እየበላሁ የጠዋቱንም የማታውንም አንድ ላይ የጻፍኩበት ቀን አለ።

እናንተ በምትመለሱበት ቀን ማለዳ፣ የመጨረሻውን እንኳ በእውነት ላንብብ ብዬ ወረድኩ። መለኪያው የለም። ከነብረቱ ተነቅሏል። ወደ ዋርካው ዞር ስል ግንዱ ላይ ጭቃ አለ፣ እስከ ደረቴ ድረስ። ከዋርካው በታች ያለው ለጥ ያለ መሬት ሁሉ፣ ዛሬ ቤትሽ ያለበት፣ ሣሩ በአንድ አቅጣጫ ተኝቷል፣ የዛፍ ቅርንጫፎችና የሞተ ፍየል ተጎልተውበታል። ያኔ ከታች ቤት የሠራ ሰው አልነበረም፣ በዚያ ዝናብም ከኮረብታ የሚወርድ የለም፤ ያየው አሳ አጥማጁ ብቻ ነው። እኔ ግን ወደ ቤት ሮጬ መዝገቡን ከማስተካከል ይልቅ ለእናንተ የምነግራችሁን ስፈጥር ቆየሁ። መለኪያው ትናንት ማታ ወደቀ አልኳችሁ። አንቺ እማማን ስታስተኚ ዞር ብለሽ እንኳ አላየሽኝም፤ አመንሽኝ።

ከሁለት ሳምንት በኋላ ተቆጣጣሪው ሲመጣ ዝናቡ ግንዱን አጥቦት ነበር። አሳ አጥማጁ መለኪያው የወደቀው እናንተ ከመመለሳችሁ ከሳምንት በፊት ነው፣ ውሃውም እስከ ዋርካው ወጥቷል ብለው ተናገሩ። አንቺ በሰው ፊት ተነሳሽ። ወንድሜ እስከ መጨረሻዋ ማታ ድረስ በዝናብ ወርዶ አንብቧል፣ ወንድሜ ውሸታም አይደለም፣ እርስዎ ዕድሜ ተጫጭኖዎት ቀኑ ተምታቶብዎት ነው አልሻቸው። ሰው ሳቀ። ሽማግሌው ኮፍያቸውን አንስተው ሄዱ። ተቆጣጣሪውም መዝገቡ ንጹሕ ነው ብሎ ፈረመ። ይባስ ብሎ የእኔን ትጋት አይቶ ለትምህርት ቤት የድጋፍ ወረቀት ጻፈልኝ። ዛሬ የተቀመጥኩባት ወንበር በዚያ ወረቀት የተገኘች ናት።

ከዚያ ወዲህ ያለውን አንቺው ታውቂዋለሽ። የዛሬ ስምንት ዓመት ከታች ቤት ልሥራ ስትይ አሳ አጥማጁ ዳግመኛ ተከራክረውሽ ነበር። አንቺም መዝገቡ ምስክሬ ነው፣ ያን ክረምት የለካው የእናቴ ልጅ ነው ብለሽ እንደመለስሽላቸው ለእኔው ጻፍሽልኝ። እኔ ያን ደብዳቤ አንብቤ ምን እንዳደረግኩ ታውቂያለሽ? ለቤቱ መመረቂያ መጋረጃ ላክሁልሽ። ሆድ ሲያውቅ ዶሮ ማታ ይሉሻል ይህ ነው። ቤትሽን የሠራሽው በእኔ ቁጥር ላይ ነው፤ ጎረቤቶችሽም አንቺን አይተው ወረዱ።

ከጉዞው እንደተመለስን ኢንጂነሯ የጎርፉን ወሰን መሥመር እንዳወጣ ሥራውን ሰጠችኝ። የድልድዩና የእኛ መዝገብ በዚያ ክረምት አይገናኙም። ፀጉር አስተካካዩ ውሃው በአንድ ሌሊት ከአራት ሜትር በላይ መውጣቱን ጽፏል፣ የእኛ ግን አንድ ሜትር ከሠላሳ ስምንት ይላል። ኢንጂነሯ ሁለቱን አይታ የድልድዩን ሰረዘችው። የታችኛው ለኪ ስሙ የታወቀ ጠንቃቃ ነው፣ የላይኛው ተሳስቶ ይሆናል አለች። እንግዲህ በአባባ መልካም ስም እውነተኛውን ሰው፣ ያውም ሙት ሆኖ መልስ መስጠት የማይችለውን፣ ውሸታም አደረግነው። እኔ ጠረጴዛው ላይ ተደፍቼ ማስመሪያዬን ስጠርግ አሥር ቀን አለፈ።

በእነዚያ ቀናት ሁለት ጊዜ ደውዬልሽ ነበር። ለዚህ ነበር የደወልኩት። የመጀመሪያው ቀን ስለ መንታዎቹ ጥርስ አውርተን ዘጋን። ሁለተኛው ቀን ድምፅህ ልክ አይደለም፣ ምን ሆነሃል ብትይኝ ጉንፋን ነው አልኩሽ፤ አንቺም ምን እንደምጠጣ አንድ በአንድ ነገርሽኝ። በስልክ እንደማይሆንልኝ ያወቅኩት ያኔ ነው።

አፌን ያስከፈተኝ ቁርጠኝነቴ እንዳይመስልሽ፣ እሱ ቢሆን እስካሁንም አልመጣ። እኛ የምንሠራው በታይፕ በተገለበጠው መዝገብ ነው፤ የእጅ ጽሑፉ ምድር ቤት ተከማችቷል። አንድ ከሰዓት በኋላ ሌላ ነገር ልፈልግ ወርጄ የአባባን መዝገብ አገኘሁት፤ ሳላስበው ያን ገጽ ገለጥኩ። ለኪዎች አንድ ልማድ አላቸው፤ የተጠራጠሩት ቁጥር ካለ አይሰርዙትም፣ በጎኑ በእርሳስ ትንሽ ነጥብ ያስቀምጣሉ። በእኔ አሥራ ስምንት ቁጥሮች ጎን አሥራ ስምንት ነጥቦች አሉ። አንዱም አልተዘለለም። የመጀመሪያዎቹ ሁለት ቀናት፣ በእውነት የወረድኩባቸው፣ ነጥብ የላቸውም። የገለበጠው ጸሐፊ ቁጥሩን እንጂ ነጥቡን አልገለበጠም።

አባባ ያውቅ ነበር እትዬ። እናንተ በተመለሳችሁበት ዕለት ማታ ብቻውን ወርዶ እንደነበር ያን ጊዜ ትዝ አለኝ። ጭቃው እስከ ጉልበቱ ይዞት ተመለሰ፣ እግሩን ታጠበ፣ ራቱን በላ፣ እኔን ምንም አልጠየቀኝም። ሃያ ሁለት ዓመት ሙሉ አንድ ቃል አልተነፈሰም። ልጁን በሰው ፊት ማዋረድ አልቻለም፣ ቁጥሩንም እውነት ነው ማለት አልቻለም፤ ነጥብ አስቀመጠ። አሁን ነገሩን ሁሉ አገናኚው። አዲስ ቤት ሠርተሽለት አልወርድም ያለሽ ጉልበቱ ደክሞ አይደለም። ክረምት በገባ ቁጥር ልጆቹን ላኪልኝ፣ ብቻዬን ያስፈራኛል የሚልሽ፣ አንቺም አባባ በእርጅናው ፈሪ ሆነ ብለሽ የምትስቂበት፣ ለራሱ ፈርቶ አይደለም።

በማግስቱ ጠዋት መዝገቡን ይዤ ኢንጂነሯ ፊት ቆምኩና ሁሉንም ነገርኳት። ስጨርስ እርሳሷን አስቀመጠች። ትጮህብኛለች ብዬ ነበር፣ አልጮኸችም። አባትህ ያውቃሉ ወይ ብቻ አለችኝ። ነጥቦቹን አሳየኋት። መሥመሩን አንተው ራስህ አውጣው አለችኝ። የድልድዩን ለኪ ቁጥር ወደ ቦታው መለስን፣ በእኔ ዘጠኝ ቀናት ላይ ደግሞ አልተለካም ብዬ ጽፌ ስሜን ፈረምኩ። ከዚያ መሥመሩን አወጣሁት። መሥመሩ ከዋርካው በላይ ነው ያለፈው። ያንቺ ቤት ከነሰማያዊው በሩ፣ የስድስቱ ጎረቤቶች ቦታ፣ ሁሉም ውስጥ ነው። በሕይወቴ እንዲያ ቀጥ ያለ መሥመር አስምሬ አላውቅም።

እኔን በሚመለከት የዲሲፕሊን ኮሚቴ በሚቀጥለው ሳምንት ይጠራኛል፤ እስከዚያ ከከተማ እንዳልወጣ ታዝዣለሁ። ከሥራ ያስወጡኝ ይሆናል። ይህን የምጽፈው እንድታዝኚልኝ አይደለም፣ ለምን ራሴ እንዳልመጣሁ እንድታውቂ ነው። የቤቶቹን ጉዳይ የሚገልጸው የመሥሪያ ቤቱ ደብዳቤ በስምሽ ይመጣል፤ ግን የቢሮ ወረቀት ከአውሮፕላን መኪና ይዘገያል፣ ምናልባትም ውሃው ይቀድመዋል። ዘንድሮ በሁለቱም ተራሮች ዝናቡ ቶሎ ይገባል እያሉ ነው። ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ እንዳትይኝ፤ ይህ ጅብ ገና አልመጣም፣ እየመጣ ነው።

ይህን ደብዳቤ የሚያደርስልሽ አውሮፕላን ነው። አዲስ መለኪያ ሊተክል ወደ እናንተ ይወርዳል። መለኪያውን ካወረደ በኋላ መኪናዋ ባዶ ናት፣ ዕቃ እንዲያወጣልሽ ኢንጂነሯ ራሷ ፈቅዳለች። የስፌት መኪናሽን በመጀመሪያ ጫኚ። በሮቹንና ቆርቆሮውን ባልሽ ነቅሎ ያውጣ፣ እንጨቱም እንዳይቀር። ጎረቤቶችሽን ሰብስበሽ ከፈለግሽ ይህን ደብዳቤ እንዳለ አንብቢላቸው፣ ስሜን አትደብቂ። አንቺ በእኔ ቃል ነው የወረድሽው፣ እነሱ ባንቺ፤ የሚሰድቡት ሰው ካስፈለጋቸው እኔ አለሁ።

ይቅር በይኝ ብዬ ለመጻፍ ሦስት ጊዜ ጀምሬ ቀደድኩት። ስምንት ዓመት የደከምሽበትን ቤት በአንድ ወረቀት አፍርሼ በዚያው ወረቀት ይቅርታ መለመን አላምር አለኝ። ተቆጪኝ። አንቺ ስትቆጪ ደግሞ እንዴት እንደሆነ አውቃለሁ፣ ሣህኑም ይቆጣል። ብቻ ኮረብታው ላይ ወጥተሽ ተቆጪኝ፤ ልጆቹን አስተኝተሽ፣ በሩን ዘግተሽ፣ ከዚያ የፈለግሽውን ያህል።

አናጢው ባልሽን ሰላም በይልኝ፤ በሠራበት እጁ እንዲያፈርስ ያደረግኩት እኔ ነኝና ዓይኑን እንዴት እንደማየው አላውቅም። ትልቋን ሳሚልኝ። መንታዎቹን ሳሚልኝ፤ አዲሱ ክፍል ቀረ ብለው ካለቀሱ አጎታችሁ ነው ያስቀረው በያቸው። አሳ አጥማጁን ጠርተሽ ይቅርታ ስትጠይቂያቸው አንቺ ከእኔ ይልቅ ቃል ይቀናሻል፤ እኔ ስመጣ ጉልበታቸውን ስሜ የምለውን እላለሁ። ለጎረቤቶችሽ በሙሉ ሰላምታዬ ይድረስ።

አባባን ሰላም በይልኝ። ፍራሽሽን ተሸክመሽ፣ ልጆችሽን አስከትለሽ ደጁ ስትደርሺ ለምን እንደመጣሽ አታስረጂው። ያውቃል። የልጆቹን መኝታ እንኳ አዘጋጅቶ ይሆናል።

ታናሽ ወንድምሽ

ከካርታ ክፍሉ፣ ሁለተኛ ፎቅ
ሐሙስ፣ ክረምቱ ሊገባ ሦስት ሳምንት ሲቀረው